ዕዳና ኪራይ በፖሊስ ጣቢያ አይዳኙም

ለፌዴራል ፖሊስ ኮሚሽን
ለክልልና ለከተማ አስተዳደር ፖሊስ ኮሚሽኖች
ለፍትሕ ሚኒስቴር

ጉዳዩ፦ በግለሰቦች መካከል በሚነሱ የፍትሐ ብሔር ክርክሮች ውስጥ የፖሊስ ተሳትፎ ወሰን በጽሑፍ እንዲበጅለት ስለመጠየቅ

ይህ ግልጽ ደብዳቤ የሚመለከተው በፖሊስ ጣቢያዎች ዘወትር የሚታይ፣ ነገር ግን ወሰኑ በተግባር ያልጠራ አንድ ጉዳይ ነው። ገንዘብ ያበደረ፣ ቤት ያከራየ፣ መኪና በዱቤ የሸጠ ወይም ከወንድምና ከእኅቱ ጋር በውርስ የተጣላ ሰው መብቱ እንደተነካ ሲሰማው፣ ከፍርድ ቤት መዝገብ ቤት ይልቅ በአቅራቢያው ወዳለው ጣቢያ መሄድን የሚመርጥበት ጊዜ ጥቂት አይደለም፤ አቤቱታው ተቀባይ ባገኘ ጊዜም ሌላው ወገን በስልክ ወይም በመጥሪያ ይጠራል፤ የተጠራው ሰው ወይ ለመክፈል ይፈርማል፣ ወይ ዋስ ያቀርባል፣ ወይ እዚያው ያድራል። ደብዳቤው የሚያቀርበው ሐሳብ አንድ ነው፦ ፖሊስ በግለሰቦች የፍትሐ ብሔር ክርክር ውስጥ ያለው ሥልጣን ጠብን ማስቆምና የፍርድ ቤትን ትእዛዝ ማስፈጸም እንጂ ማን ለማን ምን ያህል ዕዳ እንዳለበት፣ ቤቱ የማን እንደሆነ ወይም ውሉ ይፍረስ አይፍረስ ብሎ መወሰን አይደለም፤ ይህም ወሰን ለእያንዳንዱ ጣቢያ በሚደርስ የጽሑፍ መመሪያ ሊሰመር ይገባል።

ልዩነቱን ለማስረዳት ከሁለቱ የሕግ ዘርፎች ባሕርይ መነሣት ያስፈልጋል። የፍትሐ ብሔር ጉዳይ የሚባለው ሰዎች ወይም ድርጅቶች በውል፣ በንብረት፣ በውርስ፣ በባልና ሚስት የጋራ ሀብት ክፍፍል ወይም በደረሰ ጉዳት ምክንያት አንዳቸው ከሌላው የሚጠይቁትን መብት የሚመለከት ክርክር ሲሆን፣ የክርክሩ ፍሬ ነገር በዋናነት በ1952 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ፣ አካሄዱም በ1958 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ይገዛል። የወንጀል ጉዳይ ግን መንግሥት በሕዝብ ስም የሚከስበትና ፍጻሜው ቅጣት የሆነ ጉዳይ ነው። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 23 እንደሚደነግገው፣ ወንጀል ተፈጸመ የሚባለው ሕጋዊ፣ ግዙፋዊና ሞራላዊ የተባሉት ሦስት ፍሬ ነገሮች ተሟልተው ሲገኙ ነው፤ ይኸውም ድርጊቱን የሚከለክልና የሚቀጣ ድንጋጌ ሲኖር፣ ድርጊቱ በተጨባጭ ሲፈጸም፣ ፈጻሚውም አስቦ ወይም ሕጉ ቸልተኝነትን በሚቀጣበት ሁኔታ በቸልተኝነት ሲያደርገው ማለት ነው። ዕዳን በቀጠሮው ቀን አለመክፈል፣ ኪራይን ማዘግየት ወይም ዕቃን በውሉ መሠረት አለማስረከብ የውል መጣስ ነው፤ ውል የጣሰ ሰው ውሉን እንዲፈጽም ሊገደድ፣ ካሣ ሊከፍል ወይም ውሉ ሊሰረዝበት ይችላል፤ በመጣሱ ብቻ ግን የወንጀል ተጠርጣሪ ሊሆን አይችልም።

የሕገ መንግሥቱ አቋም በዚህ ረገድ ግልጽ ነው። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 37 ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት ወይም በሕግ የዳኝነት ሥልጣን ለተሰጠው አካል የማቅረብና ውሳኔ የማግኘት መብት እንዳለው ይደነግጋል፤ በአንቀጽ 79 ደግሞ የዳኝነት ሥልጣን የፍርድ ቤቶች ብቻ መሆኑን ያስቀምጣል። አንቀጽ 17 ማንም ሰው በሕግ ከተደነገገው ሥርዓት ውጪ ነፃነቱን እንዳያጣ ይጠብቃል፤ አንቀጽ 19 ደግሞ የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት እንዲቀርብ ያዛል፤ ከዚህ ጊዜ የሚቀነሰው ከተያዘበት ቦታ ወደ ፍርድ ቤት ለመድረስ በአግባቡ የሚያስፈልገው የጉዞ ጊዜ ብቻ ስለሆነ፣ ዓርብ ከሰዓት በኋላ ይዞ ሰኞን መጠበቅ በድንጋጌው ውስጥ ቦታ የለውም። ከዚህም በላይ ኢትዮጵያ በ1985 ዓ.ም. የተቀበለችው የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ዓለም አቀፍ ቃል ኪዳን በአንቀጽ 11 ማንም ሰው የውል ግዴታውን ለመፈጸም ባለመቻሉ ብቻ እንዳይታሰር ይከለክላል፤ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 9 ንዑስ አንቀጽ 4 መሠረት ደግሞ አገሪቱ ያጸደቀቻቸው ዓለም አቀፍ ስምምነቶች የአገሪቱ ሕግ አካል ናቸው። ስለዚህ ዕዳ ለመክፈል ባለመቻል ብቻ የሚደረግ እስር አገሪቱ በራሷ ሕግ የዘጋችው መንገድ ነው።

ይህ መንገድ መዘጋቱ በኢትዮጵያ የፍትሕ ታሪክ ውስጥ ቀላል ለውጥ አልነበረም። በቀድሞው የቁራኛ ሥርዓት ባለዕዳው ከባለገንዘቡ ጋር በሰንሰለት ወይም በልብስ ጫፍ ተቆራኝቶ ዕዳው እስኪከፈል ወይም ዳኛ እስኪወስን ድረስ አብሮት ይውል ነበር፤ ገላው የዕዳው መያዣ ነበር ማለት ይቻላል። ይሁን እንጂ በዚያው ዘመን እንኳ የማስቆምና የመፍረድ ሥልጣን ተለይተው ይታወቁ ነበር። «በሕግ አምላክ» የተባለ ሰው ባለበት እንዲቆም የሚጠበቅ ሲሆን፣ ይህን ያለው ሰው ግን ጠበኛውን ከማስቆም አልፎ ፍርድ የመስጠት ሥልጣን አልነበረውም፤ ነገሩ ወደ ዳኛ ይሄድ ነበር። ዘመናዊው ሕግ ያደረገው ነገር ቢኖር የቆየውን ይህን ልዩነት ማጽናትና ዕዳ ከሰው አካል ተነሥቶ በዋናነት በሀብቱ ላይ እንዲያርፍ ማድረግ ነው። ዛሬ በጣቢያ ደጃፍ ዕዳ ለማስከፈል ሰውን ማሳደር ቁራኛን ያለ ሰንሰለቱ መመለስ ነው።

ችግሩ በይበልጥ የሚጎላው በብድር ጉዳይ ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጉ በአንቀጽ 2472 ከ500 ብር በላይ የሆነ የገንዘብ ብድር ሊረጋገጥ የሚችለው በጽሑፍ፣ ወይም በፍርድ ቤት በተሰጠ የእምነት ቃል ወይም በተፈጸመ መሐላ ብቻ መሆኑን ይደነግጋል። የድንጋጌው ዓላማ ሰዎች በምስክር ብቻ ባለዕዳ እንዳይደረጉ መጠበቅ ነው። ነገር ግን በአገሪቱ ብዙ ብድር በእምነት፣ በዝምድናና በጉርብትና ያለ ወረቀት የሚሰጥ በመሆኑ፣ ወረቀት የሌለው አበዳሪ በፍርድ ቤት ማስረዳት የማይችለውን ዕዳ በጣቢያ በሚሰጥ ቃል ለማስረዳት ይሞክራል። ተጠርጣሪ ተብሎ የተጠራ ሰው ፈርቶ «አዎን፣ አለብኝ፤ በወር ውስጥ እከፍላለሁ» ብሎ ሲፈርም፣ ሕጉ በዳኛ ፊት ብቻ እንዲሰጥ የፈለገው የእምነት ቃል በመርማሪ ጠረጴዛ ላይ ይሰጣል። በዚህ አሠራር የሚጎዳው እውነተኛ ባለዕዳ ብቻ አይደለም፤ ዕዳውን የከፈለ ነገር ግን ደረሰኝ ያልተቀበለ ሰው፣ እንዲሁም የማያውቀው ዕዳ የተጠየቀ ሰው ጭምር ከእስር ለመውጣት ሲል ይፈርማል።

በቤት ኪራይም ተመሳሳይ ነገር ይታያል። አከራይ ተከራዩ ኪራይ አልከፈለም ወይም ቤቱን አልለቀቀም ብሎ ፖሊስ ይዞ ሲመጣ፣ መርማሪው የሚያየው ነገር የወንጀል ድርጊት ሳይሆን የውል ክርክር ነው። በ2016 ዓ.ም. የወጣው የመኖሪያ ቤት ኪራይ ቁጥጥርና አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1320 ተፈጻሚ በሚሆንባቸው ከተሞች ውሉ በጽሑፍ ሆኖ እንዲመዘገብ፣ ጊዜው ከሁለት ዓመት እንዳያንስ፣ የቅድሚያ ክፍያውም ከሁለት ወር ኪራይ እንዳይበልጥ ደንግጓል፤ ውሉ የሚቋረጥባቸውንም ሁኔታዎች ዘርዝሯል። እነዚህ ሁኔታዎች መሟላታቸውን መመርመር የተቆጣጣሪው አካልና የፍርድ ቤት ሥራ ነው። ፖሊስ ተከራይን ዕቃውን አስወጥቶ ቢያስለቅቅ ወይም ቁልፍ ለአከራይ ቢያስረክብ ያለ ፍርድ ፍርድ አስፈጸመ ማለት ነው። በአንጻሩ ደግሞ አከራዩ ራሱ በሩን ቢገነጥል ወይም መብራትና ውኃ ቢቆርጥ፣ ተከራዩ በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1149 መሠረት በሁለት ዓመት ውስጥ «ሁከት ይወገድልኝ» የሚለውን ክስ ለማቅረብ መብት አለው፤ ይህ ክስ ባለቤትነትን ሳይሆን በእጅ ያለ ይዞታን ከሁከት የሚጠብቅ ነው።

ከዚህ የማይለየው ሌላው ምሳሌ መኪና በክፍፍል ክፍያ የሚሸጥበት ሁኔታ ነው። ገዢው የተወሰነውን ክፍያ ከፍሎ ቀሪውን ሲያዘገይ፣ ሊብሬው በስሙ ያለ ሻጭ መኪናው እንዲያዝለት ለፖሊስ ያመለክታል፤ መኪናውም ኤግዚቢት ተብሎ በጣቢያ ግቢ ሊቆም ይችላል። ነገር ግን መኪናው በሽያጭ ውል ለገዢው የተሰጠ እንጂ የተሰረቀ ባለመሆኑ፣ ሻጩ ማድረግ ያለበት በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1772 እንደተመለከተው ገዢውን በማስጠንቀቂያ መጠየቅ፣ ቀጥሎም ክስ መመሥረት፣ መኪናው ይሸሻል ወይም ይሸጣል የሚል ሥጋት ካለውም በሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 151 እና 154 መሠረት የማስከበሪያና የእግድ ትእዛዝ መጠየቅ ነው። በውርስም ነገሩ ያው ነው፤ ወላጅ ሲሞት ቁልፉን ቀድሞ የያዘ ልጅ በሌሎቹ ልጆች ዘንድ እንደ ሌባ ቢታይም፣ ማን ወራሽ እንደሆነ በፍርድ ቤት በሚሰጥ የወራሽነት ማስረጃ፣ ሀብቱ ምን ያህል እንደሆነና እንዴት እንደሚከፋፈልም በውርስ አጣሪ የሚታወቅ በመሆኑ፣ ቤቱን አሽጎ ቁልፉን በጣቢያ ማስቀመጥ የክርክሩን ውጤት ሳይጣራ መወሰን ይሆናል።

ይህ ማለት ግን የገንዘብና የንብረት ክርክር ሁሉ ከወንጀል ውጪ ነው ማለት አይደለም። የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 692 የማታለልን ወንጀል ሲደነግግ የሚቀጣው ዕዳ አለመክፈልን ሳይሆን፣ የማይገባ ብልጽግና ለማግኘት አስቦ በሐሰተኛ ነገር ወይም እውነቱን በመደበቅ ሌላውን በማሳሳት ጥቅሙን የሚጎዳ ድርጊት እንዲፈጽም ማድረግን ነው። ስለዚህ መርማሪው መጠየቅ ያለበት ገንዘቡ ተከፈለ ወይስ አልተከፈለም ብሎ ብቻ ሳይሆን፣ ገንዘቡ ሲሰጥ የተነገረው ነገር ሐሰት ነበር ወይስ አልነበረም፣ ተናጋሪውስ ይህን ያውቅ ነበር ወይስ አያውቅም ብሎ ነው፤ ለመክፈል አስቦ ተበድሮ በኋላ ሥራው የከሰረበት ሰው አታላይ አይደለም። አንቀጽ 675 የሚመለከተው የእምነት ማጉደል ወንጀል በአደራ ወይም ለተወሰነ ተግባር የተሰጠን ንብረት ለራስ ማድረግን የሚቀጣ ስለሆነ፣ ከተራ ብድር የሚለየው የንብረቱ አሰጣጥ ነው። ለምሳሌ የዕቁብ ሰብሳቢ የአባላቱን ገንዘብ ይዞ ቢሰወር የእምነት ማጉደል ጥያቄ ይነሣል፤ ዕጣው ቀድሞ የደረሰው አባል መዋጮውን ሲያቋርጥ ግን ጉዳዩ በመሠረቱ የአባሉና የዋሱ የውል ግዴታ ነው። በተለምዶ ደረቅ ቼክ የሚባለውን፣ በቂ ገንዘብ የሌለው ቼክ ማውጣትን ደግሞ አንቀጽ 693 በወንጀልነት ይቀጣል፤ ቼክ እንደቀረበ የሚከፈል ሰነድ በመሆኑ ሕጉ በሰነዱ ላይ ሊኖር የሚገባውን የሕዝብ አመኔታ ይጠብቃልና። በእነዚህ ሁኔታዎች ሁሉ ፖሊስ የመመርመር ሥልጣንም ግዴታም አለው፤ ነገር ግን የምርመራው ዓላማ ወንጀሉን ማጣራት እንጂ ለግል ተበዳይ ገንዘብ መሰብሰብ ሊሆን አይገባም።

በሌላ በኩል «ጉዳዩ የፍትሐ ብሔር ነው» የሚለው መልስ ከግዴታ ማምለጫ እንዳይሆን ጥንቃቄ ያስፈልጋል። ባል ሚስቱን ደብድቦ «የቤት ጉዳይ ነው፣ በሽማግሌ ይታይ» ሲባል፣ ወይም የመሬት ባለይዞታዎች በድንበር ተካሰው አንደኛው ዱላ ሲያነሣ «ፍርድ ቤት ሂዱ» ተብለው ሲመለሱ፣ ወሰኑ በተቃራኒው አቅጣጫ ተጥሷል። የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 564 በትዳር ጓደኛ ወይም እንደ ባልና ሚስት አብሮ በሚኖር ሰው ላይ የሚፈጸምን የኃይል ድርጊት የሚያስቀጣ አድርጎታል፤ ዛቻ፣ ድብደባና ንብረት ማውደምም የክርክሩ መነሻ ውል ወይም ውርስ በመሆኑ ወንጀልነታቸው አይቀርም። መለያው የተከራካሪዎቹ ዝምድና ወይም የክርክሩ መነሻ ሳይሆን ድርጊቱ ራሱ ነው፤ ፖሊስ ድብደባውን ይመረምራል፣ ቤቱ የማን እንደሆነ ግን ለዳኛ ይተወዋል።

በፍትሐ ብሔር ጉዳይ ፖሊስ በሕጋዊ መንገድ የሚገባባቸው በሮች ሦስት ናቸው ማለት ይቻላል። የመጀመሪያው ሰላም ማስከበር ነው፤ ክርክሩ ወደ ጠብ በሚያመራበት ቦታ ተገኝቶ ሁለቱን ወገኖች መለየት፣ ያለውን ሁኔታ ባለበት አቆይቶ ወደ ፍርድ ቤት መምራት የፖሊስ ተፈጥሯዊ ተግባር ነው። ሁለተኛው የፍርድ ቤት ትእዛዝ ነው፤ ፍርድ ካረፈ በኋላ በአፈጻጸም ደረጃ፣ ማለትም የፍርድ ባለመብቱ የተፈረደለትን በግድ በሚያገኝበት ሂደት፣ ፍርድ ቤቱ ፖሊስ ጸጥታ እንዲያስከብር ሊያዝ ይችላል፤ ያን ጊዜም ፖሊስ የሚፈጽመው ትእዛዙ በተጻፈው ልክ እንጂ ባለመብቱ በሚያመለክተው ልክ አይደለም። ሦስተኛው በማኅበረሰብ ፖሊስ አማካይነት የሚደረግ ማግባባት ነው፤ ይህ ጠቃሚ የሚሆነው ግን ተከራካሪዎቹ በፈቃዳቸው ሲመጡ፣ አንዳቸውም ሳይያዙ፣ ባልተስማሙ ጊዜም በነፃነት ለመሄድ ሲችሉ ብቻ ነው።

የፈቃድ ጉዳይ በተለይ ሊጤን ይገባል። በጣቢያ ውስጥ የተፈረመ የክፍያ ግዴታ በወረቀት ላይ ስምምነት ቢመስልም፣ የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1706 በኃይል ወይም በዛቻ የተገኘ ፈቃድ ውሉን ሊያስፈርስ እንደሚችል፣ አንቀጽ 1708 ደግሞ በመብት እጠቀማለሁ ብሎ ማስፈራራት እንኳ ከልክ ያለፈ ጥቅም ለማግኘት ከዋለ እንደ ኃይል እንደሚቆጠር ይደነግጋል። ስለዚህ «ካልፈረምክ ታድራለህ» ተብሎ የተገኘ ፊርማ ለአበዳሪው የሚያስተማምን ማስረጃ አይሆንም፤ ነገ በፍርድ ቤት ሊፈርስ ይችላል። በፖሊስ አባሉም ላይ የሚያመጣው መዘዝ ከባድ ነው፤ የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 423 የመንግሥት ሠራተኛ ከሕግ ውጪ ሰው መያዙን ወይም ማሰሩን በወንጀልነት ሲቀጣ፣ የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2040 ያለ ሕጋዊ ሥልጣን የሰውን ነፃነት ለአጭር ጊዜም ቢሆን መንፈግን የሚያስጠይቅ ጥፋት ያደርገዋል፤ በአንቀጽ 2126 መሠረትም ጥፋቱ ከሥራ ጋር የተያያዘ ከሆነ ተጎጂው መንግሥትን ጭምር ካሣ ለመጠየቅ ይችላል። አንድ መርማሪ ለአበዳሪ በማዘን የወሰደው እርምጃ በመጨረሻ በመንግሥት ካዝና ላይ ዕዳ ሊሆን ይችላል ማለት ነው።

በእርግጥ ሰው ወደ ጣቢያ የሚሄደው ያለ ምክንያት አይደለም። የፍርድ ቤት ቀጠሮ ይረዝማል፤ የዳኝነት ክፍያና የጠበቃ ወጪ አለ፤ ፍርድ ከተገኘም በኋላ አፈጻጸሙ ሌላ ክርክር ይሆናል። ፖሊስ ጣቢያ ግን ቅርብ ነው፣ ክፍያ አይጠይቅም፣ ፈጣንም ይመስላል። ይሁንና ፍጥነትን የሚሰጥ መንገድ በሕጉ ውስጥም አለ፤ የሥነ ሥርዓት ሕጉ ከአንቀጽ 284 ጀምሮ መጠኑ የታወቀ ገንዘብ በሰነድ ሲጠየቅ ተከሳሹ ለመከላከል አስቀድሞ ፈቃድ እንዲጠይቅ የሚያደርግ አጭርና ፈጣን ሥርዓት አስቀምጧል፤ በ2013 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ ቁጥር 1234ም ከፍርድ ቤት ጋር የተያያዘ የአስማሚነት ሥርዓትን አስገብቷል። የፍርድ ቤት መዘግየት መፍትሔው እነዚህን መንገዶች ማስፋትና ማስተዋወቅ እንጂ የዳኝነትን ሥራ ለታጠቀ አካል ማውረስ ሊሆን አይችልም።

ስለዚህ ይህ ደብዳቤ ለተጠቀሱት መሥሪያ ቤቶች የሚከተሉትን ጥያቄዎች ያቀርባል። አንደኛ፣ አቤቱታ የሚቀበል ማንኛውም የፖሊስ አባል ሌላውን ወገን ከመጥራቱ በፊት ተጥሷል የሚለውን የወንጀል ድንጋጌ በመዝገቡ ላይ እንዲጽፍ፣ ድንጋጌ መጥቀስ ካልቻለም አቤቱታ አቅራቢውን ጉዳዩን ለማየት ሥልጣን ወዳለው ፍርድ ቤት በጽሑፍ እንዲመራ ይደንገግ። ሁለተኛ፣ ዕዳ ለማስከፈል ሰውን መያዝ፣ መታወቂያ ወይም ፓስፖርት መቀበል፣ መኪና ወይም ቁልፍ መያዝ በግልጽ ይከልከል። ሦስተኛ፣ በተያዘ ሰው ላይ የክፍያ ግዴታ ማስፈረም ይቅር፤ የማኅበረሰብ ፖሊስ የሚያደርገው ማግባባትም በፈቃድ ብቻ እንዲሆን ሥርዓት ይበጅለት። አራተኛ፣ የማታለል፣ የእምነት ማጉደልና የቼክ አቤቱታዎች ከውል ክርክር ጋር በሚደባለቁበት ጊዜ ሰው ከመያዙ በፊት ዐቃቤ ሕግ ጉዳዩን አይቶ አስተያየቱን በጽሑፍ እንዲሰጥ ይደረግ። አምስተኛ፣ ድብደባ፣ ዛቻ ወይም የቤት ውስጥ ጥቃት ባለበት ጉዳይ «የፍትሐ ብሔር ነው» በሚል ምክንያት አቤቱታን አለመቀበል በዲሲፕሊን የሚያስጠይቅ ይሁን።

ለሕዝቡም የሚቀር ድርሻ አለ። ገንዘብ የሚያበድር፣ ቤት የሚያከራይና ንብረት የሚሸጥ ሰው ውሉን በጽሑፍና በምስክር ቢያደርግ፣ ክፍያውን በባንክ ቢቀበል፣ ደረሰኝ ቢሰጥና ቢቀበል፣ በኋላ ጣቢያ የሚያስሮጠው ምክንያት አብዛኛው ይቀንሳል። በፍትሐ ብሔር ጉዳይ ጣቢያ የተጠራ ሰውም የተጠረጠረበትን ወንጀል በግልጽ እንዲነገረው የመጠየቅ፣ ያላመነበትን ወረቀት ያለመፈረም፣ በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት የመቅረብ፣ ካልቀረበም አካልን ነፃ የማውጣት አቤቱታ የማቅረብ መብት እንዳለው ሊያውቅ ይገባል። የፖሊስ ኮሚሽኖቹና ፍትሕ ሚኒስቴር የተጠየቀውን መመሪያ አውጥተው በየጣቢያው መግቢያ ላይ በግልጽ እንዲለጥፉ፣ አፈጻጸሙንም ለሕዝብ እንዲያሳውቁ በአክብሮት ይጠየቃሉ።